ጠለፋ እና አፈሳ

«ዘ ዋየር»ን ለጓደኛው የሚጠቁም ሰው ብዙ ጊዜ «ስለ ዕፅ ንግድ የተሠራ ምርጥ ድራማ» ይላል። አልተሳሳተም፤ ግን ርእሱን ዘሎታል። ዋየር ሽቦ ነው፤ እዚህ ጋ ደግሞ የተጠለፈ የስልክ መስመር። ከ2002 እስከ 2008 በኤችቢኦ የታየው፣ አምስት ሲዝንና 60 ክፍሎች ያሉት ይህ ድራማ ስሙን ያገኘው ፖሊስ የሰው ስልክ ከሚሰማበት መሣሪያ ነው። ለሦስተኛ ጊዜ ስመለከተው ዓይኔ ያረፈውም እዚያው ላይ ነው። ፖሊስ ማንን ይሰማል? በማን ፈቃድ? ማንን መንገድ ላይ ያስቆማል? የማንን ኪስ ይፈትሻል?

ስለ ትልቅ ከተማ ወንጀል ስናወራ ሁላችንም አንድ ሚዛን እናስባለን። በአንድ ወገን ደኅንነት፣ በሌላው መብት፤ አንዱ ሲከብድ ሌላው ይቀላል። «ትንሽ መብት ብትለቁ ትንሽ ሰላም ታገኛላችሁ» የሚለው ክርክር ከዚህ ሚዛን የመጣ ነው። የእኔ ንባብ ግን «ዘ ዋየር» ይህን ሚዛን ያፈርሰዋል የሚል ነው። በድራማው ውስጥ ሰውን በጅምላ የሚያፍሰው ፖሊስ ትልቁን ወንጀለኛ አይነካውም፤ የሚደርስበት ሕግ መንገዱን ያጠበበበት ፖሊስ ነው። ቅሬታዬ ደግሞ ፈጣሪው ዴቪድ ሳይመን የዚህን እውነት ግማሽ ብቻ ማሳየቱ ነው። ሌላውን ግማሽ ለማየት በ2022 ወደዚያችው ከተማ ተመልሶ ከጆርጅ ፔሌካኖስ ጋር የሠራውን ባለስድስት ክፍል ድራማ፣ «ዊ ኦውን ዚስ ሲቲ»ን፣ ጎን ለጎን ማየት ያስፈልጋል። (ያላያችሁ ካላችሁ፣ መጨረሻውን እናገራለሁ። ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ፈቃዱ

የመጀመሪያውን ሲዝን ያየ ሰው ያስታውሳል፤ ስልኩ እስኪጠለፍ ድረስ ብዙ ክፍሎች ይሄዳሉ። ብዙ ሰው ተሰላችቶ የሚያቆመውም እዚህ ላይ ነው። ሌላ ፊልም ቢሆን መርማሪው ሽቦውን ሰክቶ በሁለት ደቂቃ ይገላገል ነበር። እዚህ ግን ዓቃቤ ሕጓ ሮንዳ ፐርልማን በመሐላ የተደገፈ ማመልከቻ ማዘጋጀት አለባት። ማመልከቻው ሌላው መንገድ ሁሉ ተሞክሮ እንዳልሠራ ማስረዳት አለበት፤ ክትትሉ፣ ጠቋሚው፣ ገዢ መስሎ ዕፅ መግዛቱ። ዳኛው ካመነበት ይፈርማል። ከተፈረመ በኋላም ነገሩ አያበቃም። የባርክስዴል ልጆች የሚደውሉት በሕዝብ ስልክ ስለሆነ የሰፈሩ ሰው ሁሉ ሊጠቀምበት ይችላል። ስለዚህ አንድ ፖሊስ ጣሪያ ላይ ተኝቶ ስልኩን ያነሳው ተጠርጣሪው መሆኑን በዓይኑ ያረጋግጣል። ወሬው ከጉዳዩ ውጪ ከሆነ ሰሚው መስማቱን አቁሞ መዝገቡ ላይ «አይመለከትም» ብሎ ይጽፋል።

ይህን አሰልቺ የሚመስል ሥራ ደራሲዎቹ የሚያሳዩን ስለሚያውቁት ነው። ሳይመን ለዓመታት የ«ባልቲሞር ሰን» ጋዜጣ የፖሊስ ዘጋቢ ነበር። የጽሑፍ አጋሩ ኤድ በርንስ ደግሞ 20 ዓመት ያህል የባልቲሞር ፖሊስ ነበር፤ በ1980ዎቹ ሜልቪን ዊልያምስ የተባለውን ትልቅ የዕፅ ነጋዴ በስልክ ጠለፋ ካስያዙት መርማሪዎች አንዱ ነው። (ዊልያምስ እስሩን ጨርሶ ከወጣ በኋላ በዚሁ ድራማ ላይ የቤተ ክርስቲያን ዲያቆን ሆኖ ተውኗል።) ሁለቱም የሚያውቁት ነገር አለ፤ ገደቡ ሥራውን ያዘገየዋል፣ ግን ያሻሽለዋልም። «ሌላ መንገድ ሞክራችኋል ወይ?» ብሎ የሚጠይቅ ዳኛ ስላለ መርማሪዎቹ ሌላውን መንገድ ከምር ይሞክራሉ። ስልኩን ማን እንዳነሳ ማየት ግዴታቸው ስለሆነ የትኛው ድምፅ የማን እንደሆነ ያውቃሉ። ጣሪያ ላይ የዋለ ፖሊስ የሰፈሩን ልጆች አንድ በአንድ መለየት ይጀምራል። ለእሱ «ጥቁር ጎረምሳ» የሚባል ጅምላ ስም ሥራ አይሠራለትም።

አፈሳው

የዚህ ተቃራኒ የሚታየው ገና ሁለተኛው ክፍል ላይ ነው። ሦስት ፖሊሶች፣ ኸርክ፣ ካርቨርና ፕሬዝ፣ ቢራቸውን ጠጥተው ከሌሊቱ ስምንት ሰዓት ገደማ ድሆች ወደሚኖሩባቸው ፎቆች ይሄዳሉ። ማዘዣ የላቸውም። የሚፈልጉት ሰውም የለም። ያገኙትን ግድግዳ ላይ ያስደግፋሉ፣ መሬት ላይ ያስተኛሉ፣ ይፈትሻሉ። ፕሬዝ አንድ የ14 ዓመት ልጅ ፊት ላይ በሽጉጡ ይመታዋል፤ ልጁ አንድ ዓይኑን ያጣል። በኋላ አለቃው ሌተናንት ዳንኤልስ ለምን እንደመታው ሲጠይቀው መልሱ «አናደደኝ» የሚል ዓይነት ነው። ዳንኤልስ እዚያው ቆሞ ያርመዋል፤ ለሕይወቱ ሰግቶ እንደነበር እንዲናገር ያስጠናዋል። እና ዳንኤልስ የድራማው ጨዋ ሰው ነው።

ለእንዲህ ያለው ሌሊት አማርኛ ቃል አለው፤ አፈሳ። የሚታፈሰው እህል ነው። በሁለት እጅ ሲዘገን ፍሬና ገለባ አይለይም፤ የሚለየው በኋላ ሲበጠር ነው። ከአፈሳም በፊት አውጫጭኝ ነበረን፤ ሌባው እስኪታወቅ የአገሩ ሰው ሁሉ ተሰብስቦ የሚቆይበት። ማለቴ፣ «አንዱን ለማግኘት ሁሉን መያዝ» የሚለው ሐሳብ ለአማርኛ ተመልካች እንግዳ አይደለም። ስለዚህም ይመስለኛል እነዚያን ትዕይንቶች ስናይ ከመደንገጥ ይልቅ «ያው ፖሊስ ነው» ብለን የምናልፋቸው።

ፕሬዝ ከዚያ ሌሊት በኋላ ከመንገድ ታግዶ ቢሮ ይቀመጣል። ሰውየው የተገለጠውም እዚያ ነው። ዕፅ ሻጮቹ በፔጀር የሚላላኩትን ቁጥር ትክ ብሎ ሲያይ ዘዴው ይገባዋል። የስልኩ ሰሌዳ ላይ 5ን ተሻግሮ ያለውን ቁጥር መውሰድ ነው፤ 1 ሲሆን 9፣ 2 ሲሆን 8፣ 5 እና 0 ደግሞ ቦታ ይለዋወጣሉ። እንደ ፕሮግራመር ልናገር፣ ከዚህ የቀለለ ኮድ መፍጠር ይከብዳል። ለመፍታት የሚያስፈልገው ተቀምጦ ማየት ብቻ ነበር። ፕሬዝም ተቀምጦ ያየው መንገድ ላይ እንዳይወጣ ስለከለከሉት ነው።

ቁጥሩ

ታዲያ አፈሳው የማይሠራ ከሆነ ለምን ይቀጥላል? «ዘ ዋየር» እዚህ ላይ የሚሰጠው መልስ በቴሌቪዥን ካየኋቸው ሁሉ የተሻለው ነው። አፈሳ ቁጥር ያመርታል።

በየጊዜው የወረዳ አዛዦች በአለቆቻቸው ፊት እየቆሙ ስለ ቁጥራቸው ይጠየቃሉ። በድራማው ስሙ ኮምስታት ነው። አሠራሩ በ1994 ኒው ዮርክ ውስጥ የተጀመረ ነው፤ ወንጀልን በካርታና በሰንጠረዥ መከታተልና አዛዡን በውጤቱ መጠየቅ። ማርቲን ኦማሊ የባልቲሞር ከንቲባ ሲሆን ከኒው ዮርክ ኤድ ኖሪስ የሚባል ኮሚሽነር አስመጣ። (ይኸው ሰው በኋላ በድራማው ላይ ኖሪስ የሚባል መርማሪ ሆኖ ተውኗል። ባልቲሞር እንዲህ ናት።)

እኔ የምኖረው ሶፍትዌር በመሥራት ነው። አንድ የሥራ ቦታ ላይ የምንለካው በዘጋነው ቲኬት ብዛት ነበር። ሦስት ወር አልፈጀም፤ ሰው አንዱን ሥራ አምስት ቲኬት አድርጎ መክፈት ጀመረ። ደንበኛውን የሚያስለቅሰው ከባድ ባግ ግን ማንም ስለማይነካው እዚያው ተኝቶ ከረመ። ሰንጠረዡ አረንጓዴ ነበር። ማንም ሰው ዋሽቷል ማለት አይቻልም፤ ሁሉም ቲኬት በእውነት ተዘግቷል።

እስርም ቲኬት ነው። አንድ የግድያ ምርመራ ወራት ፈጅቶ አንድ ቁጥር ያመጣል፤ እሱም ከተሳካ ነው። የመንገድ ጥግ ላይ ደጃቸው የተቀመጡ ልጆችን ማንሳት ግን በአንድ ሌሊት 20 ቁጥር ነው። በ2005 ባልቲሞር ውስጥ ከ100,000 በላይ እስር ተመዝግቧል፤ የከተማዋ ሕዝብ ግን 640,000 ገደማ ነበር። በሺዎች የሚቆጠሩት ክስ ሳይመሠረትባቸው ተለቀዋል። በዚያው ዓመት 269 ሰው ተገድሏል። በ2006 የመብት ድርጅቶች ከተማዋን ከሰሱ፤ በ2010 ጉዳዩ በስምምነት ተዘጋ። እስሩ በእጅጉ ቀንሶ ፖሊስ መሣሪያ የያዙ ጥቂት ሰዎች ላይ አተኩሬያለሁ ባለበት ዘመን፣ በ2011፣ የተገደለው ሰው 197 ሆነ። ከ200 በታች ሲወርድ ከ1970ዎቹ ወዲህ የመጀመሪያው ነበር። እስር ሲቀንስ ግድያ ይቀንሳል ማለቴ አይደለም፤ እንዲህ ያለ ቀጥተኛ መስመር የለም። ሚዛኑ ግን እንደሚባለው አልሠራም። መቶ ሺህ እስር ሰላም መግዛት ካልቻለ ሰዎቹ መብታቸውን የሰጡት በነጻ ነው።

ነዋሪዎቹ

በሦስተኛው ሲዝን ብዙ ተመልካች የሚወደው ሻለቃ ኮልቪንን ነው። የምዕራብ ባልቲሞር ፖሊስ አዛዥ ነው፤ ጡረታው ደርሷል፣ ቁጥር ማሳመር መርሮታል። ለፖሊሶቹ ስለ ወረቀት ከረጢት ያወራቸዋል። መንገድ ላይ መጠጣት በሕግ ክልክል ነው፤ ድሃ ደግሞ ከመንገድ ሌላ መጠጫ የለውም። ከዕለታት አንድ ቀን አንድ ሰው ጠርሙሱን በወረቀት ከረጢት ሸፈነ፤ ፖሊስም እንዳላየ ማለፍ ቻለ፣ ጊዜውንም ለዋና ሥራው አዋለው። ለዕፅ እንዲህ ያለ ከረጢት አልተገኘም ይላል ኮልቪን። ከዚያ ራሱ አንድ ያበጃል። ሰው የለቀቃቸው ናቸው ባላቸው ሦስት ቦታዎች ሻጮቹ ሳይነኩ እንዲሸጡ ይፈቅዳል። ልጆቹ አምስተርዳም ለማለት «ሃምስተርዳም» ይሉታል። የወረዳው ወንጀል በእውነት ይቀንሳል፤ አለቆቹ ግን ቁጥሩን ሲያዩ የሚጠረጥሩት አጭበርብሯል ብለው ነው።

እኔን የያዙኝ ግን ከኮልቪን አጠገብ ያሉ ሁለት ትንንሽ ነገሮች ናቸው። አንዱ የነዋሪዎቹ ስብሰባ ነው። ሰዎች ተነስተው ደጃቸው ላይ ስለሚሸጠው ዕፅ፣ በራቸውን ለመክፈት ስለ መፍራታቸው፣ ስለ ልጆቻቸው ይናገራሉ። ስለ መብት የምንጽፍ ሰዎች ይህን ትዕይንት ደጋግመን ማየት አለብን። የእነዚህ ሰዎች ነጻነት የተወሰደው በፖሊስ ብቻ አይደለም፤ ልጁን ሱቅ መላክ የማይችል ሰው ነጻ አይደለም። ሁለተኛው ባዶ ነው በተባለው ሰፈር የቀሩ አንዲት አሮጊት ናቸው። ቤታቸውን አልለቅም ይላሉ። ኮልቪን ሌላ ቤት ሊያሳያቸው ይሞክራል፤ እሳቸው ግን የኖሩበት ቤት ነውና አይዋጥላቸውም። ካርታ ላይ ባዶ የሆነ ቦታ ላይ ሰው ነበረበት። የኮልቪን ሐሳብ መልካም ነው፤ ግን እሱም የማንንም ፈቃድ ሳይጠይቅ በሌላ ሰው ደጃፍ ላይ የወሰነ ፖሊስ ነው።

ነዋሪውና ፖሊሱ እንዴት እንደሚያያዙ የሚያሳየን አራተኛው ሲዝን ነው። ራንዲ የሚባል ልጅ ስለ አንድ ግድያ የሚያውቀውን ይናገራል። ኸርክ በግዴለሽነት የልጁን ነገር አፈትልኮ እንዲወጣ ያደርጋል። የራንዲ ቤት ይቃጠላል፣ አሳዳጊ እናቱ ይቃጠላሉ፣ ልጁ ወደ ሕፃናት ማቆያ ይሄዳል። ከዚያ ወዲያ ራንዲ ለፖሊስ አንዲት ቃል አይተነፍስም፤ የሰፈሩ ልጆችም አይተዋል። የግድያ ምርመራ የሚሠራው ሰው ሲናገር ነው። ሰው የሚናገረው ደግሞ የሚያምነው ፖሊስ ሲኖር ነው። ትናንት ግድግዳ ላይ ያስደገፍከው ልጅ ዛሬ ምስክርህ አይሆንም። መብትና ደኅንነት በአንድ ገመድ የታሰሩት እዚህ ላይ ነው፤ ማንኛውም ቁጥር ይህን አይመዘግበውም።

ያለ ፈቃድ

አምስተኛውን ሲዝን ብዙ ሰው አይወደውም፤ መርማሪው መክነልቲ በጀት ለማግኘት ብሎ የሌለ ተከታታይ ነፍሰ ገዳይ መፍጠሩ የተጋነነ ነው ይላሉ። ልክ ናቸው። ግን ርእሱን ለሚያስታውስ ተመልካች ይህ ሲዝን የመጀመሪያው መልስ ነው። ሌስተር ፍሪመን፣ የድራማው ትዕግሥተኛ ሰው፣ በመጀመሪያው ሲዝን በፈቃድ ይጠልፍ የነበረው ሰው፣ የማርሎን ስልክ ያለ ፈቃድ ይጠልፋል። ማርሎ በሰው በለቀቃቸው ቤቶች ውስጥ ብዙ ሬሳ ያስደበቀ ገዳይ ነው፤ ፍሪመን ተቸኩሏል ብሎ የሚፈርድበት የለም። ውጤቱስ? ጠለፋው ሕገ ወጥ መሆኑ ሲታወቅ ጉዳዩ ፍርድ ቤት መቅረብ አይችልም። በጓሮ ስምምነት ሌሎቹ ሲታሰሩ ማርሎ ሱፉን ለብሶ ይወጣል። ሲዝን አንድ ላይ ፈቃዱ መሰናክል ይመስል ነበር። ሲዝን አምስት ላይ ፈቃዱ ከሌለ የተሰማው ሁሉ እንዳልተሰማ መሆኑን እናያለን።

የጎደለው ግማሽ

እስከዚህ ድረስ ድራማውን አመስግኛለሁ። አሁን ቅሬታዬ። «ዘ ዋየር» ፖሊሶቹን በጣም ይወዳል። የኸርክና የካርቨር ጭካኔ ብዙ ጊዜ እንደ ቀልድ ነው የሚቀርበው። ፕሬዝ በአራተኛው ሲዝን አስተማሪ ይሆናል፤ እዚያም የፈተና ውጤት ማሳመርና የወንጀል ቁጥር ማሳመር አንድ ነገር መሆናቸው ይገለጥለታል። እንወደዋለን፣ እናዝንለታለን። ዓይኑን ያጣው ልጅስ? ከዚያ ሌሊት ወዲህ በቅጡ አናየውም። 60 ክፍል ያለው ድራማ ለመቺው ሙሉ የሕይወት ታሪክ ሰጥቶ ለተመቺው ጥቂት ትዕይንት ብቻ ሰጠው። የመንገዱ ሰው የሚታወቀው ዕፅ ሻጭ፣ ሱሰኛ ወይም ጠቋሚ ከሆነ ብቻ ነው። ምንም ሳያደርግ የሚፈተሸው ሰው፣ ማለትም ብዙኃኑ፣ ታሪክ የለውም።

«ዊ ኦውን ዚስ ሲቲ» ይህን ለማረም የተሠራ ይመስላል። በጋዜጠኛው ጀስቲን ፌንተን መጽሐፍ ላይ የተመሠረተ እውነተኛ ታሪክ ነው። በመጋቢት 2017 የፌዴራል ዓቃብያነ ሕግ የባልቲሞር ፖሊስ የሕገ ወጥ መሣሪያ ክትትል ቡድን ሰባት አባላትን ከሰሱ። እነዚህ ፖሊሶች ያስቆሙትን ሰው ይዘርፉ ነበር፣ ቤት ገብተው ገንዘብ ይወስዱ ነበር፣ ባልሠሩበት ትርፍ ሰዓት ይከፈላቸው ነበር። ያልታጠቀ ሰው ቢመቱ አጠገቡ የሚጥሉት የአሻንጉሊት መሣሪያ ይዘው ይዞሩ እንደነበር ፍርድ ቤት ተመስክሯል። አለቃቸው ሳጅን ዌይን ጄንኪንስ በ2018 25 ዓመት ተፈረደበት። በድራማው ጆን በርንታል ሲጫወተው ዓይን የሚነቀልበት አይደለም፤ የሚያስፈራው ደስተኛ መሆኑ ነው።

እንደ ጥበብ ሥራ ከ«ዘ ዋየር» ያንሳል። ጊዜው ወዲያና ወዲህ ስለሚዘል መንገዱ ይጠፋል። ከፍትሕ ሚኒስቴር የመጣችው ጠበቃ ኒኮል ስቲል፣ ዉንሚ ሞሳኩ በብቃት ብትጫወታትም፣ ሥራዋ መጠየቅና ማዳመጥ ብቻ ነው፤ ሌሎቹ ገጸ ባሕርያት እየተቀመጡ ያብራሩላታል። በ«ዘ ዋየር» የምናየው እዚህ ይነገረናል። ግን አንድ ነገር በትክክል ያሳያል፤ ቡድኑን ለዓመታት የሸፈነው ሴራ ሳይሆን ሰንጠረዥ ነበር። ጄንኪንስ መሣሪያ ያመጣል። መሣሪያ ቁጥር ነው። ቁጥር የሚያመጣን ሰው እንዴት እንዳመጣው ማን ይጠይቀዋል? አንድ ተጨማሪ ምፀት ደግሞ አለ። በ«ዘ ዋየር» ማርሎን የተጫወተው ጄሚ ሄክተር እዚህ ሾን ሱተርን ሆኖ ይመጣል፤ ስለዚህ ቡድን ምስክርነት ሊሰጥ አንድ ቀን ሲቀረው በጥይት የተመታውንና አሟሟቱ እስከ ዛሬ የሚያከራክረውን መርማሪ።

ከድራማው ጀርባ ያለው ሰነድ የፍትሕ ሚኒስቴሩ የነሐሴ 2016 ሪፖርት ነው። ከጥር 2010 እስከ ግንቦት 2015 የባልቲሞር ፖሊስ ከ300,000 በላይ እግረኞችን ማስቆሙን መዝግቧል። ከእነዚህ 44 በመቶው የተፈጸመው የከተማዋ ሕዝብ 11 በመቶ ብቻ በሚኖርባቸው፣ በአብዛኛው ጥቁሮች በሚኖሩባቸው ሁለት ትንንሽ ወረዳዎች ነው። በቅጣት ወይም በእስር ያበቃው 3.7 በመቶው ብቻ ነው። እኔ የጻፍኩት ፕሮግራም ከ100 ጊዜ 96ቱን ቢሳሳት ማንም ሰው «ሚዛን እንጠብቅ» አይለኝም፤ አጥፋው ነው የሚለኝ።

እዚህ ላይ አዲስ አበባ የኖረ ተመልካች «እኛስ በየቀኑ እንፈተሽ የለ?» ሊል ይችላል። ባንክ፣ ሆቴል፣ መሥሪያ ቤት ስንገባ ሳንጠየቅ እጃችንን እንዘረጋለን። ልዩነቱ ግን ትልቅ ነው። የበር ፍተሻ የገባውን ሁሉ እኩል ይፈትሻል፤ ባልፈልግ መመለስ እችላለሁ። የመንገድ ፍተሻ ግን ሰው ይመርጣል፤ አንተን እንጂ አጠገብህ ያለውን አይደለም። ከዚያ መመለሻ የለም። የአሜሪካ ፍርድ ቤት ከ1968 ጀምሮ ለዚህ የጠየቀው ነገር አንድ ነው፤ ፖሊሱ በቃላት ሊያስረዳው የሚችል ምክንያታዊ ጥርጣሬ። የእኛም ሕገ መንግሥት አንቀጽ 26 የሰው አካል፣ ቤትና ንብረት ከዘፈቀደ ፍተሻ እንዲጠበቅ ይላል። ሁለቱም ወረቀት ላይ አሉ። «ዘ ዋየር» የሚያስተምረን ወረቀቱ ጉልበት የሚያገኘው «ለምን አስቆምከው?» ብሎ የሚጠይቅ ሰው ወንበሩ ላይ ሲኖር መሆኑን ነው።

ከባዱ ጥያቄ

ፍሬዲ ግሬይ የ25 ዓመት ወጣት ነበር። በሚያዝያ 2015 ከፖሊስ ጋር ዓይን ለዓይን ተጋጭቶ ሮጠ፤ ተይዞ፣ በፖሊስ መኪና ተጭኖ፣ አንገቱ ተጎድቶ ከሳምንት በኋላ ሞተ። ከተማዋ ነደደች። ከዚያ በኋላ ፖሊስ እስርን በጣም ቀነሰ፤ በ2014 211 የነበረው ግድያ በ2015 ከ340 በላይ ሆነ። ለስምንት ተከታታይ ዓመታት ከ300 አልወረደም።

ይህን የሚዘል የመብት ክርክር ታማኝ አይደለም። ፖሊስ ከመንገድ ሲጠፋ የሞቱት እነዚያው በየቀኑ ይፈተሹ የነበሩት ሰዎች ናቸው። ግን ከዚህ «አፈሳው ይመለስ» የሚል መደምደሚያ አይወጣም። የጠፋው ምንድን ነው? ማፈስ ብቻ የሚያውቅ ፖሊስ ማፈስ ሲከለከል ሌላ ሥራ አልነበረውም፤ ለዓመታት የተለማመደው ሌላ ሙያ የለም። ሰዉም አይናገርም። ከ2017 ጀምሮ የባልቲሞር ፖሊስ በፍርድ ቤት በጸደቀ የማሻሻያ ስምምነት ሥር ነው። በ2022 ከተማዋ በምዕራብ ወረዳ፣ በኮልቪን ምናባዊ ወረዳ፣ በግሬይም እውነተኛ ወረዳ፣ ሌላ አሠራር ጀመረች። በተኩስ ውስጥ ያሉትን ጥቂት ሰዎች በስም ለይቶ፣ ፊት ለፊት አነጋግሮ፣ መውጫ መስጠት፤ እምቢ ያለውን በማስረጃ መክሰስ። በ2024 የተገደለው ሰው ቁጥር 201 ደረሰ። አንድ ምክንያት ብቻ አለው ማለት ድፍረት ነው። ቢሆንም የወረደው ገደቦቹ ተነስተው አይደለም፤ ገደቦቹ እያሉ ነው።

አውሮፕላኑ

እንደ ቴክኖሎጂ ሰው አንድ ነገር ሳልል ማለፍ አልችልም፤ ሁለቱም ድራማዎች ያልነኩት ነገር ነው። በ2016 ሕዝቡ ሳያውቅ፣ በ2020 ደግሞ በይፋ ለስድስት ወር፣ ባልቲሞር ላይ ካሜራ የጫኑ አውሮፕላኖች በቀን ለሰዓታት ይዞሩ ነበር። ካሜራዎቹ አንድ ላይ እስከ 90 በመቶ የሚሆነውን ከተማ ያያሉ። ሰው በምስሉ ላይ አንዲት ነጥብ ነው፤ ፊት የለውም፣ መልክ የለውም። ደጋፊዎቹ የሚከራከሩት በዚህ ነበር። ወንጀል ሲፈጸም ግን ነጥቧን ወደ ኋላና ወደ ፊት መከተል ይቻላል።

ዳታ የነካ ሰው ግን ይህ መከራከሪያ አያሞኘውም። ነጥቧ ማታ ማታ የምትገባበት በር አላት። የበሩን ባለቤት ማወቅ ደግሞ ስም ማወቅ ነው። ጥንት በአገራችን ሌባ ሻይ የሚባል ነበረ፤ ልጅ አደንዛዥ ነገር ይሰጠውና ይለቀቃል፣ እየተንገዳገደ የገባበት ቤት ባለቤት ሌባ ይባላል። አውሮፕላኑ ከዚያ በእጅጉ ይሻላል፤ ነጥቧ በእውነት ከቦታው የተነሳች ናት። ግን ለአንድ ሌባ ሲባል የሁሉም ሰው መንገድ ይመዘገባል። የፌዴራሉ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት በ2021 በ8 ለ7 ድምፅ አሠራሩ አራተኛውን የሕገ መንግሥት ማሻሻያ ይጻረራል አለ። አንድ ድምፅ ነው የለየው። ለሳይመን ስድስተኛ ሲዝን መነሻ ይሆን ነበር፤ ከስልክ ወደ ሰማይ የወጣ፣ ጣሪያ ላይ የሚተኛ ፖሊስም «አይመለከትም» የሚል መዝገብም የሌለበት ጠለፋ።

የትኛውን እንይ ለሚለኝ ሰው መልሴ ሁለቱንም ነው፤ መጀመሪያ «ዘ ዋየር»ን፣ ከዚያ «ዊ ኦውን ዚስ ሲቲ»ን። ሲልቨር ስፕሪንግ ያላችሁ ደግሞ ከተማዋ በመኪና ከአንድ ሰዓት ያነሰ መንገድ ናትና ከእኔ በላይ ታውቋታላችሁ። ሁለቱም ተደምረው ግን አንድ ሰው ይጎድላቸዋል። በዚያ የ2016 ሪፖርት ውስጥ ስሙ ያልተጻፈ፣ ዕድሜው ሃምሳዎቹ አጋማሽ ላይ ያለ አንድ ጥቁር ሰው አለ። አራት ዓመት ባልሞላ ጊዜ 30 ጊዜ ፖሊስ አስቁሞታል። አንድም ጊዜ አልተቀጣም፣ አልተከሰሰም። ዕፅ አልሸጠም፣ ሰው አልገደለም፣ ስለዚህ ለድራማ አይመችም። ስለ ባልቲሞር የሚሠራው ቀጣይ ድራማ ከእሱ ቢጀምር፣ ከሠላሳው አንዱን ቀን ከቤቱ ሲወጣ ጀምሮ እስኪመለስ ቢከተለው፣ እኔ ቁጭ ብዬ አየዋለሁ።